የእሳት ዘር፤ ስለ ባለ እጆችና ስለ ቡዳ እምነት

በሰሜንና በመካከለኛው የአገራችን ክፍል ማረሻ የሚቀጠቅጥ፣ ገንቦ የሚሠራና ብር የሚያነጥር ሰው ለብዙ ዘመን እንደ ሌላው ሰው ሳይቈጠር ኖሯል። በፊቱ ባለ እጅ ይባላል፤ ዞር ሲል ግን ጠይብና ቡዳ ይሉታል። ቡዳ የተባለ ሰው ቀን ሰው፣ ሌሊት ጅብ እንደሚሆን፣ ዓይኑ ያረፈበትን ሕፃን ወይም መልከ መልካም ሰው እንደሚበላ፣ ይህም ጠባይ ከወላጅ ወደ ልጅ እንደሚተላለፍ ይነገራል። እንግዲህ በሰው ሐሳብ ብቻ የተፈጠረ አንድ ልዩ ዘር አለ ማለት ነው፤ የዚህም ዘር ዋና ምልክቱ ከእሳት ጋራ ያለው ወዳጅነት ነው። በዚህ ጽሑፍ ይህ ዘር እንዴት እንደ ተፈጠረ ለመመርመር አስበናል። ሐሳባችንን አስቀድመን ለመግለጥ ያህል፣ ዘሩን የፈጠረው እሳቱ ሳይሆን የርስት ማጣት ነው እንላለን።

በመጀመሪያ እምነቱን ራሱን እንመልከት። እንግሊዛዊው መንገደኛ ማንስፊልድ ፓርኪንስ እንደ አውሮፓ አቈጣጠር በ1853 ባሳተመው መጽሐፍ፣ ቀጥቃጮች ወደ ጅብነት ይለወጣሉ የሚለውን የባላገር ወሬና ጆሮአቸው ላይ ጉትቻ ያለባቸው ጅቦች ተገኙ የሚለውን ነገር መዝግቧል። ይኸው ወሬ ዛሬም ከሽማግሌዎች አፍ ይሰማል። ድንገት የታመመ ሰው «ቡዳ በላው» ይባልና በጢስ ይታጠናል፤ በሚለፈልፍበትም ጊዜ የበላውን ሰው ስም ይጠራል ተብሎ ይጠበቃል። በዚህ ፍርድ ምስክር አይቈጠርም፤ ተከሳሹም መልስ አይጠየቅም።

ይህ እምነት በእሳት ሠራተኞች ላይ የወደቀበት ምክንያት ፈጽሞ የማይገባ አይደለም። ወናፉ ሲነፋ ከሰሉ ይግላል፤ ብረቱም መጀመሪያ ደብዛዛ ቀይ፣ ቀጥሎ ብርቱካን፣ በመጨረሻም ወደ ነጭ የሚያደላ ቢጫ ይሆናል። ብረት የሚቀልጠው በ1538 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ስለ ሆነ፣ ቀጥቃጩ አለስልሶ ይቀጠቅጠዋል እንጂ አያቀልጠውም። ሁለት ብረት ለማጋጠም ግን ከ1200 ዲግሪ በላይ የሆነ ሙቀት ያስፈልገዋል። ይህን ሁሉ የሚለካው በመሣሪያ ሳይሆን በቀለሙ ነው፤ ስለዚህም ብዙ ቀጥቃጮች ጥላ ባለበት ስፍራ መሥራት ይመርጣሉ። ሸክላ ሠሪዋም እንዲሁ ናት፤ ጭቃው 600 ዲግሪ ያህል ካለፈ በኋላ ውሃ ቢፈስበት ተመልሶ ጭቃ አይሆንም። ጭቃን ድንጋይ የሚያደርግ፣ ብረትን እንደ ሰም የሚያጥፍ ሰው ራሱንስ ለመለወጥ ምን ያግደዋል ብሎ ባላገሩ ቢጠይቅ አያስደንቅም። የባለ እጁ ሙያ ሁሉ በዓይኑ ላይ የቆመ መሆኑና የሚፈራውም ዓይኑ መሆኑ የሚዛመድ ነገር ይመስለናል።

ነገር ግን እሳት ብቻውን ይህን ስም አያመጣም። እንጀራ የምትጋግር ሴት ከእሳት አትለይም፤ ቡዳ ግን አትባልም። በምዕራብ አፍሪካ በማንዴ ሕዝቦች ዘንድ ኑሙ የሚባሉት ቀጥቃጮች እርስ በርሳቸው የሚጋቡ፣ የሚፈሩም ናቸው፤ ሆኖም የግርዛትን ሥርዓት የሚፈጽሙ የተከበሩ ሰዎች ናቸው። በእኛም አገር በ1850ዎቹ ዓ.ም. ዐፄ ቴዎድሮስ በደብረ ታቦር አጠገብ በጋፋት አውሮፓውያን ሠራተኞችን ሰብስበው መድፍ ባስቀለጡ ጊዜ፣ እነዚያ ሰዎች ክብርና ሽልማት አግኝተዋል። እሳቱ ያው እሳት ነው፤ የሠራተኛው ማዕረግ ግን ሌላ ነው።

ልዩነቱ የሚገኘው በመሬት ላይ ነው። በቀድሞው ሥርዓት ሰው ሰው የሚባለው በርስቱ ነበር፤ ርስት የሌለው በእጁ ሥራ ይኖራል። ቤተ እስራኤልን እንደ ምሳሌ ብንወስድ፣ በ15ኛው መቶ ዓመት በነገሠው በዐፄ ይስሐቅ ዘመን ያልተጠመቀ የአባቱን ርስት እንዳይወርስ ታወጀ ተብሎ ይተረካል። ከዚያ በኋላ ብዙዎቹ በጭሰኝነት፣ በብረትና በሸክላ ሥራ ኖሩ፤ ቡዳም ተባሉ። ነገሩ የሃይማኖት ብቻ እንዳልሆነ ግን፣ ክርስቲያንና እስላም የሆኑ ባለ እጆችም በዚሁ ስም መጠራታቸው ያስረዳል። ገበሬው ያለ ማረሻ ማረስ አይችልም፤ ማረሻውን ይገዛል፣ ሠሪውን ግን በማዕዱ አያስቀምጥም፣ ልጁንም አይድርለትም። ጋብቻ የተከለከለ ሰው ከመሰሎቹ ጋራ ይጋባል፤ ሙያውም ከቤቱ አይወጣም፤ ሙያው ከቤቱ ስለማይወጣ በደም የሚወረስ ይመስላል። በዚህ ዓይነት መገለሉ ዘርን ይፈጥራል፤ የተፈጠረውም ዘር ለመገለሉ ምክንያት ሆኖ ይጠቀሳል።

መንግሥታት ይህን ለማረም ሞክረዋል። ዐፄ ምኒልክ በ1900 ዓ.ም. ሠራተኛን በሥራው መስደብ የሚከለክል ዐዋጅ አስነግረዋል። በ1967 ዓ.ም. የወጣው የገጠር መሬት ዐዋጅ ቁጥር 31 በጉልበቱ ለማረስ ለሚፈልግ ሁሉ መሬት እንዲሰጥ ደነገገ። ቤተ እስራኤል በብዛት በ1977 እና በ1983 ዓ.ም. ወደ እስራኤል ሄደዋል፤ ስሙ ግን በሌሎች ባለ እጆች ላይ ይነገራል። ሕግ መሬትን ሊያካፍል ይችላል፤ ማዕድንና ጋብቻን ግን በቀላሉ አያዝም።

በሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ሳለን አባቱ ቀጥቃጭ የሆነ አንድ ጓደኛ ነበረን። የአባቱን ሥራ በተጠየቀ ቍጥር «ገበሬ ነው» ይል ነበር፤ እውነቱን የነገረን ልንለያይ በተቃረብንበት ሰሞን ነው። ልጁ ያፈረው በሐሰት ነገር ስለ ሆነ፣ ኀፍረቱ የእኛ መሆን ነበረበት።

ስለዚህ ወንድሞቻችንና እኅቶቻችን ተማሪዎች ለዕረፍት ወደየአገራችሁ ስትመለሱ፣ ወደ ባለ እጁ ቤት ጐራ እንድትሉ እናሳስባለን። የጅቡን ተረት ለመስማት አይደለም፤ እርሱን የሚተርክልን ብዙ ሰው አለን። ከሰሉን ከየትኛው ዛፍ እንደሚያከስል፣ ብረቱ ምን ቀለም ሲይዝ ውሃ እንደሚያጠጣው፣ የመሣሪያዎቹን ስም ከነጥቅማቸው ጠይቃችሁ ጻፉ። የቀረበልንንም ቡና እንጠጣ።