የውድድር ዘመን ሥርዓትና የወልድያ ስፖርት ክለብ

በየዓመቱ ክረምቱ ካለፈ በኋላ፥ አንዳንድ ጊዜም ጥቅምት አልቆ ኅዳር ሲገባ፥ በወሎ በሲሪንቃ ማሳዎች ላይ የማሽላው ዘለላ ከብዶ፥ ልጆች ማማ ላይ ወጥተው በወንጭፍ ወፍ በሚጠብቁበት ሰሞን፥ በአገራችን የእግር ኳስ ሜዳዎች ሌላ ዘመን ይከፈታል። ይህ ዘመን መስከረም አንድን ርእሰ ዓመት አያደርግም፤ ከመጀመሪያው ሳምንት ጨዋታ ተነሥቶ፥ ጾመ ነቢያትንና ጥምቀትን፥ ዐቢይ ጾምንና ረመዳንን አልፎ፥ አብዛኛውን ጊዜ ገበሬው ማሳውን ደጋግሞ በሚያርስበት በሰኔ፥ አንዳንድ ዓመትም ሐምሌ ከገባ በኋላ ይፈጸማል። የእግር ኳስ ሰዎች «የውድድር ዘመን» ይሉታል። በዚህ ጽሑፍ ልናስተዋውቀው የፈለግነው ይህንኑ ሥርዓት ሲሆን፥ ምሳሌ የምናደርገውም ከደጃችን ያለውን፥ የሲሪንቃ፥ የመርሳና የሀብሩ ወጣት የእኔ ብሎ የሚጠራውን የወልድያ ስፖርት ክለብን ነው፤ ሰው አብዝቶ የሚያወራው ስለ አንዲት ጎል ወይም ስለ አንድ ሽንፈት ቢሆንም፥ ክለብን የሚያቆመውም የሚጥለውም ሙሉው ዘመን ነውና።

የሥርዓቱ አቋም እንዲህ ነው። ወልድያ በ2009 ዓ.ም. በተወዳደረበት ፕሪምየር ሊግ ዐሥራ ስድስት ክለቦች ነበሩ፤ እያንዳንዱ ክለብ ከሌሎቹ ከዐሥራ አምስቱ ጋር ሁለት ሁለት ጊዜ፥ አንድ ጊዜ በሜዳው፥ አንድ ጊዜ ከሜዳው ውጪ ስለሚገናኝ፥ የአንድ ክለብ ዘመን በሠላሳ ጨዋታ ይመላል። የመጀመሪያዎቹ ዐሥራ አምስት ጨዋታዎች አንደኛ ዙር፥ የቀሩት ሁለተኛ ዙር ይባላሉ። ያሸነፈ ሦስት ነጥብ፥ አቻ የወጣ አንድ ነጥብ ይወስዳል፤ የተሸነፈ ባዶ እጁን ይመለሳል። ከዚህ የሚወለደው የደረጃ ሰንጠረዥ ነው፤ የተጫወተው፥ ያሸነፈው፥ አቻ የወጣው፥ የተሸነፈው፥ ያገባው፥ የገባበት፥ ልዩነቱና ነጥቡ በየረድፉ ሰፍረው ይታያሉ። ልማድ ያለው ደጋፊ ሰንጠረዡን የሚያነበው ከላይ ብቻ አይደለም፤ ክለቡ ደካማ በሆነበት ዓመት ዓይኑ መጀመሪያ የሚያርፈው ወራጅ ቀጠና በሚባሉት በታችኞቹ መስመሮች ላይ ነው። ዘመኑ በዚያ ቀጠና የተፈጸመበት ክለብ በሚመጣው ዓመት ወደ ከፍተኛ ሊግ ይወርዳልና፥ በግንቦትና በሰኔ ላለመውረድ የሚደረገው ትግል ለዋንጫ ከሚደረገው ትግል ባልተናነሰ ብርታት ይካሄዳል።

ይህ የመውረድ ሕግ በዓለም ሁሉ ያለ አይምሰለን። በአሜሪካ ሞላላውን ኳስ በእጅ ይዞ በመሮጥና በመወርወር የሚጫወቱት የሙያ እግር ኳስ ሠላሳ ሁለት ቡድኖች ያሉት ሊግ ሲሆን፥ ከ2014 ዓ.ም. ወዲህ እያንዳንዱ ቡድን በዐሥራ ስምንት ሳምንት ውስጥ ዐሥራ ሰባት ጨዋታ ያደርጋል፤ የፍጻሜውም ግጥሚያ በጥር መጨረሻ ወይም በየካቲት ይውላል። በዚያ ሥርዓት የመጨረሻውን ደረጃ የያዘ ቡድን አይወርድም፤ እንዲያውም ከኮሌጅ የሚወጡትን ወጣት ተጫዋቾች ለመምረጥ ቀዳሚውን ተራ የሚያገኘው እርሱ ነው። እኛ ከአውሮጳ በተቀበልነው ሥርዓት ግን የወደቀው እስኪነሣ የሚጠብቀው የለም፤ ቦታው ከታች ለሚመጣው ይሰጣል። ለትንሽ ከተማ ይህ ሕግ መከራም በረከትም ነው፤ በሩ ሲከፈት ማንም ይገባል፥ የገባም ሁሉ ዘወትር እንደ ተፈተነ ይኖራል።

የአገራችን የክለብ ውድድር ረጅም ታሪክ አለው። የቅዱስ ጊዮርጊስ ክለብ በ1928 ዓ.ም. በአዲስ አበባ ተመሠረተ፤ ከጠላት ወረራ በኋላ በ1936 ዓ.ም. የመጀመሪያው የኢትዮጵያ ሻምፒዮና ሲደረግ፥ ከእርሱ ጋር የተሰለፉት በመዲናዪቱ ይኖሩ የነበሩ የአርመን፥ የግሪክና የጣሊያን ማኅበረሰቦች ቡድኖችና የእንግሊዝ ወታደሮች ቡድን ነበሩ። በቅዱስ ጊዮርጊስ የተጫወቱት ክቡር ይድነቃቸው ተሰማ ኋላ የአፍሪካ እግር ኳስ ኮንፌዴሬሽን ፕሬዝዳንት እስከ መሆን ደረሱ። በ1990 ዓ.ም. ውድድሩ አሁን በምናውቀው የሊግ መልክ ከተዋቀረ ወዲህ፥ በየአውራጃው ያለ ወጣት የከተማውን ስም ከቅዱስ ጊዮርጊስና ከኢትዮጵያ ቡና ስም ጋር በአንድ ሰንጠረዥ ላይ ለማየት ተስፋ ማድረግ ጀመረ።

ይህ ተስፋ ለወልድያ በ2007 ዓ.ም. ተፈጸመ። በዚያ ዓመት ፕሪምየር ሊጉ ዐሥራ አራት ክለቦች ነበሩት፤ ወልድያም ለመጀመሪያ ጊዜ ገብቶ፥ ዘመኑ ሲዘጋ ከሙገር ሲሚንቶ ጋር ወረደ። አንድ ዓመት በታችኛው ሊግ ደክሞ፥ በ2009 ዓ.ም. ከፋሲል ከነማ፥ ከአዲስ አበባ ከተማና ከጅማ አባ ቡና ጋር አዲስ አዳጊ ሆኖ ተመለሰ። ከአራቱ አዳጊዎች ሁለቱ፥ አዲስ አበባ ከተማና ጅማ አባ ቡና፥ በዚያው ዓመት ከንግድ ባንክ ጋር ሲወርዱ፥ ወልድያና ፋሲል ጸንተው ቀሩ።

ያ ዓመት ለወልድያ የተድላ ዓመት ነበር። ጥር 6 ቀን 2009 ዓ.ም.፥ ለጥምቀት አምስት ቀን ሲቀረው፥ በከተማዪቱ ባደጉት ባለሀብት ስም የተሰየመው የሼህ መሐመድ ሁሴን አሊ አል-አሙዲ ስታዲየም ተመረቀ፤ ከ500 ሚሊዮን ብር በላይ የወጣበትና ከ25 ሺህ በላይ ተመልካች የሚያስቀምጥ ሕንጻ ነው። ከአዲስ አበባ 508 ኪሎ ሜትር ርቃ በአውራ ጎዳናው ላይ ላለችው ለሲሪንቃ፥ የአገሪቱ ታላላቅ ክለቦች የሚመጡበት ሜዳ በአጭር መንገድ ላይ ሆነ። የጨዋታ ዕለት ከመርሳ የተነሣው ሚኒባስ ሲሪንቃ ሲደርስ ሞልቶ ስለሚያልፍ፥ ወጣቱ ከመንገድ ዳር ቆሞ የጭነት መኪና ሳይቀር ይለምን ነበር፤ ገበያ ውሎ የሚመለሰው ሽማግሌም ውጤቱን ሳይጠይቅ አያልፍም ነበር። በመንደሩ ውስጥ ኳስን ከጨርቅ አስሮ የሚጫወተው ልጅ፥ በሬዲዮ ብቻ ስሙን የሚሰማውን ተጫዋች በዓይኑ ለማየት በቃ።

ይሁንና የውድድር ዘመን ትልቁ ትምህርት ከጎሉ ይልቅ በደርሶ መልሱ ሕግ ውስጥ ይገኛል። አንዱ ክለብ ዛሬ አስተናጋጅ ከሆነ፥ በሌላው ዙር እንግዳ ይሆናል። በዚያ ጊዜ የወልድያ ተጫዋቾች ወደ አርባ ምንጭ ሲወርዱ፥ አዲስ አበባን አቋርጠው አንድ ሺህ ኪሎ ሜትር የሚቃረብ መንገድ ይጓዙ ነበር፤ ወደ ድሬዳዋ፥ ወደ ጎንደር፥ ወደ ሀዋሳ ሲሄዱም በማያውቁት ከተማ ያድሩ፥ በማያውቁት ሕዝብ ፊት ይቆሙ ነበር፤ እነርሱ ሲመለሱም የሄዱበት ከተማ ልጆች በተራቸው ይመጡባቸው ነበር። እንግዳን መቀበል የወሎ ሰው ከአባቶቹ የወረሰው ምግባር ነው፤ ክርስቲያኑና ሙስሊሙ በአንድ ማዕድ ዙሪያ ተከባብረው በሚኖሩባት በየጁ አገር፥ ሊጉ ይህን የቈየ ምግባር በሠላሳ ሳምንት ደጋግሞ የሚጠይቅ ሥርዓት ሆኖ መጣ።

የ2010 ዓ.ም. የውድድር ዘመን ይህ ምግባር የተፈተነበት ሆነ። ኅዳር 24 ቀን ከመቀሌ ከተማ ጋር በወልድያ ሊደረግ የነበረው ጨዋታ ሳይደረግ ቀረ፤ በከተማዪቱ ሁከት ተነሥቶ የሰው ሕይወት ጠፋ፥ ንብረትም ወደመ። በዚያን ጊዜ በአገሪቱ ላይ የነበረው የፖለቲካ ትኵሳት ለዚህ ሁሉ ምክንያት መሆኑን ማንም አይስተውም፤ ነገር ግን ለጨዋታ ብሎ ከቤቱ የወጣ ወጣት አስከሬኑ ወደ እናቱ ሲመለስ፥ በየትኛውም ሰንጠረዥ ላይ የሚሞላ ነጥብ የለም። ይህን የምንጽፈው ቍስል ለመቀስቀስ አይደለም፤ የክለብ ሕይወት በእግር ብቻ እንዳይቆም፥ የእንግዳ ክብር ከነጥብ አስቀድሞ መጠበቅ እንዳለበት ለማሳሰብ ነው።

በዚያው ዘመን ፍጻሜ ወልድያ ከአርባ ምንጭ ከተማና ከኢትዮ ኤሌክትሪክ ጋር ወረደ። ስታዲየሙ ግን አልወረደም፤ ወንበሩም ጣራውም እንደ ነበረ ነበር። በዚያው ዓመት፥ እንደ ወልድያ ሁሉ ከታች የመጣውና በፕሪምየር ሊጉ ገና በመጀመሪያ ዓመቱ የነበረው ጅማ አባ ጅፋር፥ ከቅዱስ ጊዮርጊስ ጋር በነጥብ እኩል ሆኖ በጎል ልዩነት ብቻ የሊጉን ዘውድ ደፋ። ከዚህ የምንረዳው፥ የሕንጻ ታላቅነት ሜዳ ላይ ለሚደረገው ነገር ዋስትና እንደማይሆን፥ የአዳጊ ክለብም ዕድል አስቀድሞ እንዳልተወሰነ ነው። በአንድ ክረምት በፊርማ ገንዘብ ከየስፍራው የተሰበሰበ ቡድን፥ ውሉ ሲያልቅ እንደ ተሰበሰበ ይበተናል፤ በታዳጊና በተስፋ ቡድኑ ልጆቹን ያሳደገ ክለብ ግን ሲወድቅም የሚነሣበት ሥር አለው።

ሲሪንቃ ይህን ከማንም ይልቅ ታውቃለች። በዚሁ ስፍራ ያለው የግብርና ምርምር ማዕከል ድርቅንና አቀንጭራን የሚቋቋም ማሽላ ለገበሬ ሲያወጣ፥ ዝርያው በአንድ ጥሩ ዝናብ ስላፈራ ብቻ አይመሰክርለትም፤ በተለያየ ማሳ፥ በተለያየ ዓመት፥ ዝናቡ ባጠረበትም በረዘመበትም ወራት ፈትኖ ነው። ክለብም በአንድ ዘመን ድል አይመሰገንም፥ በአንድ ዘመን ውድቀትም አይኰነንም፤ መሥራች ሕዝቡ ለስንት ዘመን እንደ ጠበቀው፥ ከወረደ በኋላስ ስንት ሰው ልምምዱን ሊያይ እንደሚመጣ መጠየቅ አለበት።

ከዚያ ወዲህ ብዙ ነገር ተለውጧል። ፕሪምየር ሊጉ በአክሲዮን ማኅበር መመራት ጀመረ፤ ከ2013 ዓ.ም. ጀምሮም ጨዋታዎቹ በዲኤስቲቪ እየተላለፉ፥ በደርሶ መልሱ ጉዞ ፈንታ ክለቦቹ በተመረጡ ከተሞች ተሰብስበው የሚጫወቱበት ልማድ መጣ፤ በ2009 ዓ.ም. ከወልድያ ጋር ያደገው ፋሲል ከነማም በዚያው በ2013 ዓ.ም. የሊጉን ዋንጫ ለመጀመሪያ ጊዜ ወሰደ። ከነሐሴ 2013 እስከ ታኅሣሥ 2014 ዓ.ም. ደግሞ ወልድያ፥ መርሳና የሀብሩ ገጠር በጦርነት ውስጥ አለፉ፤ ሕዝቡም ከኳስ ይልቅ የሚያስብለት ብዙ ነገር ነበረው። ፋሲልና ወልድያ በአንድ ዓመት በአንድ በር መግባታቸውን፥ ከአራት ዓመት በኋላ ግን አንዱ ባለ ዋንጫ፥ ሌላው በታችኛው ሊግ መሆኑን ያስተዋለ፥ ልዩነቱን ለዕድል ብቻ መተው አይገባውም።

ስለዚህ ለአንባቢያችን፥ ይልቁንም ለሲሪንቃ፥ ለመርሳና ለጊራና ወላጆች፥ መምህራንና የወረዳ ሹማምንት የምናቀርበው ልመና አጭር ነው። በየትምህርት ቤቱ ያለው ሜዳ አይታረስ፥ አይታጠር፤ ልጆቹ በዕድሜያቸው ተከፍለው የራሳቸው ትንሽ የውድድር ዘመን፥ የራሳቸው ሰንጠረዥ፥ የራሳቸው ዳኛ ይኑራቸው። መርሳ ወደ ሲሪንቃ ሲመጣ ሲሪንቃ ውኃ ያቅርብ፤ ሲሪንቃም ወደ ጊራና ሲሄድ በእንግዳ ወግ ይሂድ። በዚህ ሥርዓት ያደገ ልጅ ነገ የወልድያን ማልያ ለብሶ ወደ ትልቁ ሜዳ ሲገባ፥ ማሸነፍን ብቻ ሳይሆን መሸነፍንም፥ ተቀብሎ ማስተናገድንም ተምሮ ይገባል። ስታዲየሙ ተሠርቶ አልቋል፤ የቀረው ሥራ ልጆቹን ማሳደግ ነው፤ ይህም ሥራ የእኛ ነው።