ሥዕልን አቅርቦ ስለ መመልከት
የኢትዮጵያ ቤተ ክርስቲያን ሥዕሎች አሠራርና ምስክርነት

በኢትዮጵያ ቤተ ክርስቲያን ሥዕል ከሁሉ አስቀድሞ የጸሎት መሣሪያ ነው። ምእመኑ ከፊቱ ቆሞ ይሰግዳል፤ ሕፃኑም ፊደል ከመለየቱ በፊት የቅዱሳንን ገድል ከእርሱ ይማራል። ስለዚህ ብዙ ሰው ሥዕልን ሲያይ የሚጠይቀው «ይህ ማን ነው? ምንስ ሲያደርግ ነው?» እያለ ነው። ጥያቄው ተገቢ ነው፤ ነገር ግን መልሱ እንደ ተገኘ ዓይን ከሥዕሉ ላይ ይነሣል። ሥዕሉ በምን ላይ እንደ ተሣለ፣ የትኛው ቀለም ቀድሞ የትኛው ተከትሎ እንደ ተቀባ፣ የስንት ሰውም እጅ እንዳረፈበት ሳይጠየቅ ይቀራል። የቅዱስ ጊዮርጊስ ታሪክ በየዘመኑ አንድ ነው፤ ሥዕሉ ግን አንድ አይደለም። የዘመኑና የሠዓሊው ምስክርነት የሚገኘው ከታሪኩ ሳይሆን ከአሠራሩ ነው።

ይህ ምስክርነት የሚያስፈልገው ይልቁንም የጥንት ሠዓሊዎች አብዛኛዎቹ ስማቸውን ሳይጽፉ ስላለፉ ነው። በዐፄ ዘርዐ ያዕቆብ ዘመነ መንግሥት (1434–1468) የነበረው መነኵሴ ፍሬ ጽዮን፣ በጣና ሐይቅ በዳጋ እስጢፋኖስ ገዳም በሚገኘው ሰሌዳ ላይ ስሙ ተጽፎ መገኘቱ እንደ ብርቅ የሚቈጠር ነገር ነው። ሌሎች ሥዕሎች የእርሱ ወይም የተከታዮቹ ናቸው ለመባል የበቁት ስም ተገኝቶባቸው ሳይሆን አሣሣላቸው ከዚያ ሰሌዳ ጋራ ተመሳክሮ ነው። ስሙን ያልጻፈ ሠዓሊ የሚታወቀው በእጁ ነው። (በዚህ ጽሑፍ የተጠቀሱት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮጳ አቈጣጠር ናቸው።)

መመልከት የሚጀመረው ከቦታው ነው። ክቡ ቤተ ክርስቲያን ሦስት ክፍል አለው፤ እነርሱም ቅኔ ማሕሌት፣ ቅድስትና መቅደስ ናቸው። ሥዕሎቹ በብዛት የሚገኙት በመቅደሱ የውጭ ግድግዳ ላይ ሲሆን የሚታዩትም ከቅድስቱ ነው። ቦታው ጠባብ ነው፤ ብርሃኑም በበሮች በኩል የሚገባው ጥቂቱ ነው። ሠዓሊው ይህን ያውቅ ነበር። ሰፊ የቀለም መደብ፣ ደማቅ ጥቍር መስመርና ትልልቅ ዓይን የመረጠበት አንዱ ምክንያት በዚያ ደብዛዛ ብርሃን ሥዕሉ እንዲነበብ ነው ቢባል ከእውነት አይርቅም። ሥዕሉን ከግድግዳው ነጥሎ በፎቶግራፍ ብቻ የሚያይ ተማሪ ይህን ምክንያት ሊደርስበት አይችልም።

ከዚያ በኋላ ይቀረባል። መብራት ፊት ለፊት ሲያዝ ቀለሙ ይታያል፤ ከጎን ሲያዝ ግን ገጹ ይታያል፤ ይኸውም እብጠቱ፣ ስንጥቁ፣ የብሩሹ መንገድና የጨርቁ ስፌት ማለት ነው። የግድግዳ ሥዕል በሁለት ዓይነት መንገድ ተሠርቷል። በቀደመው ዘመን ሠዓሊው የሚሥለው በቀጥታ በተለሰነው ግድግዳ ላይ ነበር፤ በላስታ በገነተ ማርያም የሚታየው የዐፄ ይኵኖ አምላክ (1270–1285) ሥዕል ከዚህ ወገን ነው። ኋላ በጎንደር ዘመን የጥጥ ጨርቅ በግድግዳው ላይ መለጠፍ ተለመደ። ጨርቁ ለሠዓሊው ትልቅ ነጻነት ሰጠው፤ በቤቱ ወይም በደጅ በብርሃን ሥሎ ኋላ ሊለጥፈው ይችላልና። የዚህ ምልክቱ አቅርቦ ለሚያይ ግልጽ ነው፤ የስፌቱ መሥመር በቅዱሳኑ ልብስ መካከል ያልፋል፤ አንዳንድ ጊዜም ጨርቁ ከበሩ መቃን ጋራ ስላልገጠመ የተቈረጠ እግር ወይም የተቈረጠ ክንፍ ይገኛል።

የሰሌዳው ሥዕል አሠራር ከዚህ ይለያል። እንጨቱ በመጥረቢያና በመሮ ይስተካከላል፤ የመሣሪያው ፍለጋ በጀርባው ላይ ተትቶ ስለሚገኝ ጀርባው እንደ ፊቱ ሊመረመር ይገባል። ተከፋች በሆኑት ላይ ክንፎቹ ከመካከለኛው ሰሌዳ ጋራ የሚያያዙት በቀዳዳ በሚገባ ገመድ ነው። በእንጨቱ ላይ በሙጫ የተለወሰ ነጭ ጀሶ ይቀባና ይለሰልሳል፤ ሥዕሉ የሚሣለው በዚህ ላይ ነው። ቀለሙ በተላጠበት ስፍራ ነጭ ሆኖ የሚታየው ይኸው ጀሶ ነው። ጀሶው ከነቀለሙ ረግፎ እንጨቱ ከታየ ግን ጉዳቱ ከሥር ነው ማለት ነው።

በነጩ ገጽ ላይ ሠዓሊው አስቀድሞ በቀጭን መስመር ይነድፋል፤ ቀጥሎ ሰፋፊውን መደብ በየቀለሙ ይሞላል፤ በመጨረሻ የፊቱን፣ የጣቶቹንና የልብሱን እጥፋት በጥቍር መስመር ያጠነክራል። ተመልካቹ መስመሩ ከቀለሙ በላይ ነውን ወይስ በታች ብሎ ከጠየቀ፣ ሥራው በምን ቅደም ተከተል እንደ ሄደ ራሱ ሊያነበው ይችላል። የፊተኛው ንድፍና የኋለኛው መስመር ባልተገናኙበት ቦታ ሠዓሊው ሐሳቡን እንደ ለወጠ ይታወቃል።

ስለ ቀለሞቹም በኬሚስትሪ የተደረገው ምርመራ ብዙ ገልጿል። ቢጫው ከአርሴኒክና ከዲን የተዋሐደ ማዕድን፣ ቀዩ ከባዘቃና ከዲን የተዋሐደ፣ ሰማያዊው ከቅጠል የሚገኘው ኢንዲጎ ሆኖ የተገኘባቸው አሮጌ ሥዕሎች አሉ። ጥቍሩን የሚያስገኘው ጥላሸት ከጸሓፊዎች ቀለም ጋራ የጋራ ነው። ቀለም የዘመን ምስክር መሆኑን ለመረዳት አንድ ምሳሌ ይበቃል። በፋብሪካ የሚሠራው አልትራማሪን የተባለው ብሩህ ሰማያዊ የተገኘው በፈረንሳይ አገር በ1828 ገደማ ነው። እንግዲህ ይህ ቀለም በ17ኛው ምእት ዓመት ተሠራ በሚባል ሥዕል ላይ ቢገኝ ከሁለት አንዱ እውነት ነው፤ ወይ ሥዕሉ እንደ ተባለው አሮጌ አይደለም፣ ወይም ያ ክፍል በኋላ ሰው ተነክቷል። ከሁለቱ የትኛው እንደ ሆነ የሚለየው ስንጥቁ ነው። አዲሱ ቀለም በአሮጌው ስንጥቅ ውስጥ ገብቶ ከተገኘ፣ አሮጌው ከተሰነጠቀ በኋላ መቀባቱ የተረጋገጠ ነው።

ስለ ፊት የሚነገረውም ደንብ በዚሁ ዓይን መመርመር አለበት። ደጋጎቹ ሁለት ዓይን ይዘው፣ ክፉዎቹ በጎን ሆነው በአንድ ዓይን እንደሚሣሉ የታወቀ ነው፤ በምሴተ ሐሙስ ማዕድ ይሁዳ የሚለየው በዚህ ነው። ነገር ግን ደንቡ በሁሉ ዘመንና በሁሉ እጅ እኩል አልተጠበቀም። ከደንቡም የሚበልጥ የሚናገረው ፊቱ የተሠራበት መንገድ ነው። በ17ኛው ምእት ዓመት የጎንደር አሣሣል የፊቱ ጥላ በቀያይ መስመር ይመለከታል፤ የልብሱ እጥፋት ጎን ለጎን የተሰመረ ነው፤ መደቡም አንድ ወጥ ቀለም ነው። በ18ኛው ምእት ዓመት፣ በእቴጌ ምንትዋብ ዘመን፣ ሥጋው ከብርሃን ወደ ጥላ ቀስ በቀስ እየጠቈረ ይሄዳል፤ ልብሱ አበባ ያለበት ውድ ጨርቅ ይመስላል፤ መደቡም ከአንዱ ኅብር ወደ ሌላው ይሸጋገራል። እቴጌይቱ ራሷ በጣና ሐይቅ በናርጋ ሥላሴ በእመቤታችን እግር ሥር ተደፍታ የተሣለችበት ሥዕል የዚህ ዘመን ነው።

አቅርቦ መመልከት የመቅዳትንም ትርጕም ያሳያል። በሮም በሳንታ ማሪያ ማጆሬ ቤተ ክርስቲያን የሚገኘው የእመቤታችን ሥዕል ግልባጭ በኢየሱሳውያን እጅ ወደ ኢትዮጵያ መጣ። ኢየሱሳውያኑ በዐፄ ፋሲለደስ ትእዛዝ በ1633 ከአገር ወጡ፤ የሥዕሉ አርአያ ግን ቀረ። እጅ በእጅ ላይ መደረቡ፣ ሁለት ጣት መዘርጋቱ፣ በግራ እጅ የተያዘው መሐረብና የሕፃኑ መጽሐፍ ሁሉም ተጠብቀዋል። ነገር ግን የሮሙ ጥላ ወደ መስመር ተለውጧል፤ የጨለመው ልብስ በንጹሕ ሰፊ ቀለም ተሞልቷል፤ ሚካኤልና ገብርኤልም ሰይፍ ይዘው በቀኝና በግራ ቆመዋል። «ከውጭ የተቀዳ ነው» ብሎ የሚያልፍ ሰው ያየው አርአያውን ብቻ ነው። የኢትዮጵያዊው ሠዓሊ ሥራ የሚገኘው ከጠበቀው ይልቅ በለወጠው ላይ ነው።

ቤተ ክርስቲያኑ የተመሠረተበት ዘመንም የሥዕሉ ዘመን ነው ማለት አይደለም። የጎንደር ደብረ ብርሃን ሥላሴ የታላቁ ዐፄ ኢያሱ (1682–1706) ተክል ነው፤ ሆኖም የሥዕሎቹን ጠባይ የመረመሩ ሊቃውንት ዛሬ የሚታዩት ከእርሱ ዘመን ብዙ ዘግይተው እንደ ተሠሩ ገልጸዋል። ጣሪያውን የሞሉት የኪሩቤል ፊቶች በመጻሕፍት ሁሉ የታወቁ ሲሆኑ ዘመናቸውን ለመወሰን ያስፈለገው ከዝና ሌላ ምርመራ ነው።

የዚህ ሁሉ ጥቅም ከትምህርት ቤት ያለፈ ነው። በ1932 በማርሴል ግሪዮል የተመራው የፈረንሳይ የጥናት ጓድ በጎንደር አጠገብ ከነበረው ከአባ እንጦንስ ቤተ ክርስቲያን የ17ኛውን ምእት ዓመት ሥዕሎች አንሥቶ ወደ ፓሪስ ወሰደ፤ በስፍራቸውም ጋስቶን ሉዊ ሩ የተባለ ሠዓሊ የሣላቸው ቅጂዎች ተተኩ። ዋናዎቹ ዛሬ በፓሪስ በኬ ብራንሊ ሙዚየም ይገኛሉ። ሥዕሎቹ እንዲህ ሊነሡ የቻሉት በጨርቅ ላይ የተሠሩ ስለ ነበሩ ነው። አሠራሩን ያወቀ መንገደኛ አነሣቸው፤ ቅጂው ከዋናው ያልተለየው ተመልካች ደግሞ የጐደለውን ነገር አያውቅም።

ሌላው ጥፋት በጩኸት አይመጣም። ሥዕሉ ሲደበዝዝ በፋብሪካ ቀለም ማደስ፣ ወይም አሮጌውን ጨርቅ አንሥቶ አዲስ መለጠፍ በብዙ ስፍራ ይደረጋል። ይህ ከንቀት የሚመጣ አይደለም። ለሚሰግደው ሰው ሥዕሉ ብሩህ መሆን ይገባዋል፤ የደበዘዘ ሥዕል እንደ ተረሳ ቅዱስ ይቈጠራልና። የምእመኑና የመርማሪው ፍላጎት በዚህ ላይ ይጋጫል፤ ካህናቱን እንደ አጥፊ መውቀስም ግጭቱን አያበርደውም። የሚያበርደው ሥዕሉ ከመታደሱ በፊት ሁሉ ነገር ተመልክቶ መመዝገቡ ነው።

ስለዚህ በዚህ ጥናት የሚሠማራ ተማሪ ከካህናቱ ፈቃድ ተቀብሎ፣ የእሳት መብራት ወደ ሥዕሉ ሳያስጠጋ፣ በእጁም ሳይነካው፣ አስቀድሞ ያየውን ይጻፍ፤ ይኸውም ሥዕሉ በየትኛው ግድግዳ ላይ እንዳለ፣ ስፋትና ቁመቱ፣ ጨርቅ ወይም ልስን ወይም እንጨት መሆኑ፣ ስፌቱ የት እንዳለፈ፣ የትኛው ቀለም ከየትኛው በላይ እንደ ሆነ፣ የታደሰው ክፍል ከየት እስከ የት እንደ ሆነ ነው። የቅዱሱን ስምና የገድሉን ታሪክ ከዚያ በኋላ ይጠይቅ። ታሪኩን ሥዕሉ ቢጠፋም ከመጽሐፍ ማግኘት ይቻላል፤ የሠዓሊው እጅ ግን ከሥዕሉ በቀር ሌላ መጽሐፍ የለውም።