ስደተኛን ማስጠለልና ፍርደኛን መሸሸግ



ባህር ዳር ላይ ወንጀል ፈጽሞ በመተማ በኩል ሱዳን የገባን ሰው የእኛ ፖሊስ ተሻግሮ ሊይዘው አይችልም። መንግሥት መንግሥትን መጠየቅ አለበት፤ ይህ «ወንጀለኛን አሳልፎ መስጠት» ይባላል። ብዙውን ጊዜ ስምምነት ያስፈልጋል፤ ድርጊቱም በሁለቱም አገር ወንጀል መሆን አለበት። የወንጀል ሕጋችን አንቀጽ 21 ደግሞ ኢትዮጵያዊ ለውጭ አገር ተላልፎ አይሰጥም፣ እዚሁ ይዳኛል ይላል።

ጥያቄው ለአገራችን አዲስ አይደለም። ከ1,400 ዓመት በፊት ቁረይሾች ሙሃጂሮቹን ለማስመለስ ዐምር ኢብኑል ዓስን ከነስጦታው ላኩ። ነጃሺ ግን ስደተኞቹንም አስጠርተው ጃዕፈርን (ረ.ዐ) አዳመጡ። ጥፋት ስላላገኙባቸው ስጦታውን መለሱ፤ እነሱን አስጠለሉ።

መንግሥቱ ኃይለ ማርያም በ1983 ዓ.ም ዚምባብዌ ገቡ። በሌሉበት ተከሰው በ1999 በዘር ማጥፋት ጥፋተኛ ተባሉ፤ በ2000 ሞት ተፈረደባቸው። ሐራሬ ግን ለነጻነት ትግሏ የዋሉላትን ውለታ ቆጥራ አልሰጠቻቸውም።

ሁለቱም እምቢ አሉ። ነጃሺ ግን «ምን አጠፉ?» ብለው ጠይቀው ነበር። የቀይ ሽብር ሟቾች ቤተሰብ ፍርዱን ሰማ፤ ፍርደኛውን ግን ችሎት ፊት ሳያይ ቀረ።

ወላሁ አዕለም።