ጣሳ የተደፋበት ደጅ

በገጠር ከተማ መንገድ ዳር ረዘም ባለ እንጨት ጫፍ ላይ ጣሳ ተደፍቶ ካያችሁ፣ እዚያ ቤት ጠላ ይሸጣል ማለት ነው። ሌላ ማስታወቂያ የለውም። ሰዉ ቤቱን የሚያውቀው በባለቤቷ ነው፤ «እትዬ እገሊት ቤት እንገናኝ» ይባባላል።

መጠጡ ጥንታዊ ነው፤ መሸጡ ግን በብዙ አገር ለረጅም ዘመን ነውር ነበር። መንገደኛ ሲመሽበት ደጅ ቆሞ «የመሸበት የእግዜር እንግዳ!» ይላል፤ ባለቤቱ ያስገባዋል፣ እግሩን ያሳጥበዋል፣ ቤት ያፈራውን ያቀርብለታል። ከእንግዳ ገንዘብ መቀበል ያሳፍር ነበር። እቴጌ ጣይቱ አዲስ አበባ ላይ ሆቴል ሲከፍቱ ሰው በገንዘብ መብላት አፍሮ እንደነበር፣ ዐፄ ምኒልክም መኳንንቱን ይዘው በልተው፣ ሒሳቡን ከፍለው እንዳስለመዱ ይተረካል። ጠጅማ የቤተ መንግሥትና የመኳንንት ነበር፤ ማሩ ከባላገሩ ይገባል፣ ጠጁ እዚያው ይጣላል፣ ግብር ሲበላ ለሠራዊቱ ይቀዳል።

ይህን የለወጠው ከተማ ነው። ወታደሩ፣ ነጋዴው፣ ርስቱን ሊከራከር ችሎት የመጣው ባለጉዳይ ዘመድ በሌለበት ሰፈር ከረመ። ባቡሩ በ1909 ዓ.ም. አዲስ አበባ ገባ፤ በጣሊያን ወረራ ጊዜ ደግሞ የመኪና መንገድ ተዘረጋ። መንገደኛ በበዛበት ሁሉ ጋን ያላት ሴት እንጀራ አገኘች።

እኔ ከዚህ ታሪክ ሁሉ የማከብረው እሷን ነው። ባሏ የሞተባት ወይም ከባሏ የተፋታች ሴት፣ መሬትም ደመወዝም ሳይኖራት፣ በእጇ ሙያ ቤት አቆመች። ሰው ጠላዋን እየጠጣ ስሟን አጠፋ፤ እሷ ግን በጠላ ብር ስንት ልጅ አስተማረች!

ሙያውም ቀላል አይደለም። ጋኑ ታጥቦ በወይራ ጭስ ይታጠናል። የተወቀጠ ገሾ ከብቅልና ከውሃ ጋር ይጠነሰሳል። ከቀናት በኋላ ቂጣ ተቆራርሶ ወይም ተቆልቶ የተፈጨ ገብስ ይገባበታል፤ ድፍድፉ ሲደርስ በውሃ ይቀጥናል። ምሬቱ ከገሾው ነው፤ ቶሎ እንዳይበላሽ የሚረዳውም እሱ ነው። ጭሱ እስከ መጨረሻው ጣሳ ድረስ ይሸታል።

ባለቤቷ ስትቀዳ ጥቂት በመዳፏ አድርጋ አስቀድማ ትቀምሳለች፤ መጠጡ ንጹሕ መሆኑን ለእንግዳው ማሳየቷ ነው። እንዲህ ስታደርግ ካያችሁ በትዕግሥት ጠብቁ፤ እያከበረቻችሁ ነው።

ዛሬ ቢራ በየመንደሩ ገብቷል። ኮንዶሚኒየም ውስጥ ጋን ማጠንም ሆነ ገሾ መውቀጥ ከጎረቤት ያጣላል። ሙያው ግን ከባለሙያዎቹ ጋር አለ፤ ከስደተኛውም ጋር ባሕር ማዶ ተሻግሯል። ዋሽንግተን አካባቢ ባሉ የሐበሻ ሱቆች ገሾ ይሸጣል፤ በየቤቱ ጠጅ የሚጥሉም አሉ። ጠላ የሚጠምቅ ግን ጥቂት ነው፤ ጊዜና ሰፊ ቦታ ይፈልጋልና። አያታችሁ ጠምቀው የሚያውቁ ከሆነ በስልክም ቢሆን ጠይቋቸው፦ ጥንስሱ ስንት ቀን ይቆያል? ብቅሉስ ከምን ነበር፣ ከገብስ ወይስ ከስንዴ? መልሱ ከአገር አገር ይለያያልና የትውልድ ቀበሌያቸውንም አብራችሁ ጻፉ።