“አስማ” የሚለው ስም ከየት መጣ? እነማንስ ተጠሩበት?



በአገራችን ሙስሊም ቤተሰቦች ዘንድ ከተለመዱት የሴት ልጅ ስሞች አንዱ “አስማ” ነው። በመምህርነት ባሳለፍኳቸው ዓመታት ግን በስማቸው ከሚቀለድባቸው ተማሪዎች መካከል አስማዎች እንደማይጠፉ ታዝቤያለሁ። አንዱ “አስማተኛ” ይላታል፤ ሌላው “አስም አለብሽ ወይ?” ብሎ ያስቃል። ስም ሲጠራ ክፍሉ ይስቃል ብላ ቀድማ አንገቷን የምትደፋ ልጅ አለች። ይህ ሰልችቷቸው የልጃቸውን ስም ለማስቀየር የሚያስቡ ወላጆችም ገጥመውኛል። ወላጆቿን የስሟን ነገር ስትጠይቅ ብዙ ጊዜ የምታገኘው መልስ “የሶሓቢያ ስም ነው” የሚል ብቻ ነው። የትኛዋ ሶሓቢያ? ምን የሠራች? እዚያ ላይ ወሬው ይቋረጣል።

ከትርጉሙ እንነሳ። ስሙ በዐረብኛ ሲጻፍ መጨረሻው ላይ ሀምዛ አለው፤ ስለዚህ የተሟላ አነባበቡ “አስማእ” ነው። አመጣጡን በተመለከተ የዐረብኛ ቋንቋ ሊቃውንት ተለያይተዋል። ከፊሎቹ “ኢስም” (ስም) የሚለው ቃል ብዙ ቁጥር ነው፣ “ስሞች” ማለት ነው ይላሉ። አላህ አደምን (ዐ.ሰ) ስሞችን ሁሉ እንዳስተማረው በሱረቱል በቀራህ (2፥31) ሲነገረን የተጠቀሰው ቃል ይኸው ነው፤ “አል አስማኡል ሑስና” ስንልም እንደዚሁ። ሌሎቹ ደግሞ ሥሩ ውበትን ከሚገልጸው “ወሳማ” ነው ይላሉ። በእነርሱ አባባል ቃሉ መጀመሪያ “ወስማእ” ነበር፤ በኋላ ዋው ወደ ሀምዛ ተለወጠ፣ ልክ “ወሐድ” የነበረው “አሐድ” እንደሆነው ማለት ነው። በዚህ አያያዝ አስማእ ማለት “መልከ መልካም” ይሆናል፤ “ወሲም” ከሚለው የወንድ ስም ጋርም ሥራቸው አንድ ነው። እኔ በበኩሌ ወደዚህኛው አዘነብላለሁ። አባትና እናት አራስ ልጃቸውን “ስሞች” ብለው ከሚጠሯት ይልቅ “ቆንጂት” ቢሏት ለሰው ልማድ ይቀርባልና።

“አስማት” እያሉ የሚቀልዱት ልጆች ደግሞ ሳያውቁት ከቁም ነገር ጋር ተጋጭተዋል። በግዕዝ “ስም” ሲበዛ “አስማት” ነው። ግዕዝና ዐረብኛ ከአንድ የቋንቋ ቤተሰብ የወጡ በመሆናቸው “አስማእ” እና “አስማት” ሁለቱም “ስሞች” ማለት የሆኑት በአጋጣሚ አይደለም። የግዕዙ ቃል በአማርኛ የጥንቆላ ትርጉም የያዘው በክታብ ላይ ስውር ስሞችን እየጻፉ ኃይል ያገኛሉ ከሚል ልማድ ተነስቶ ነው። ነውሩ ያለው በአጠቃቀሙ ላይ እንጂ በቃሉ ላይ አይደለም። “አስም” ግን ከግሪክ ተነስቶ በአውሮፓ ቋንቋዎች በኩል የመጣ የበሽታ ስም ስለሆነ ከዚህ ስም ጋር ምንም ዝምድና የለውም።

ስለ አጻጻፉ አንድ ነገር ልበል። “አስማ” ወይም “አስማእ” ብሎ መጻፍ ሁለቱም ያስኬዳል። “አስማዕ” ብሎ በዐይኑ “ዕ” መጻፍ ግን ከዐረብኛው አንጻር ሌላ ቃል ያደርገዋል፤ ከመስማት ጋር ተያይዞ “ጆሮዎች” ወደሚል ትርጉም ይሄዳል። ከሁሉም በላይ በልደት ካርድ፣ በትምህርት ማስረጃና በፓስፖርት ላይ አንዱን አጻጻፍ ይዞ መዝለቅ ያስፈልጋል። በአንዲት “እ” ምክንያት ማስረጃ ለማስተካከል ከቢሮ ቢሮ የሚንከራተቱ ስንቶች ናቸው!

ስሙ ከእስልምና በፊትም በዐረቦች ዘንድ የታወቀ ነበር። ከሙዐለቃዎቹ መካከል አንዱ የሆነው የአል-ሓሪስ ኢብኑ ሒሊዛ ግጥም የሚጀምረው አስማእ የተባለችን ሴት በማንሳት ነው። የአቡ ጀህል እናትም አስማእ ትባል ነበር። ወንዶችም ይጠሩበታል ብል ትገረሙ ይሆናል፤ ግን ከሶሓቦች መካከል አስማእ ኢብኑ ሓሪሳ የተባለ የአስለም ጎሳ ሰው አለ። ነቢያችን (ሰ.ዐ.ወ) ትርጉማቸው ያላማረ ወይም ራስን የማወደስ መንፈስ ያለባቸውን ስሞች ይቀይሩ ነበር። “ዓሲያ” (አመጸኛ) የምትባለዋን “ጀሚላ” ብለዋታል፤ “በራ” ትባል የነበረችውን ደግሞ “ዘይነብ” አድርገዋታል። አስማእ የሚለውን ግን በቅርብ ዘመዶቻቸውና በባልደረቦቻቸው ላይ እየሰሙት እንዳለ ትተውታል።

ለእኛ ለሐበሾች ከሁሉም አስማዎች የምትቀርበን አስማእ ቢንት ዑመይስ (ረ.ዐ) ናት። እርሷ ከኸስዐም ጎሳ ስትሆን በእናቷ በኩል የምእመናን እናት የመይሙና (ረ.ዐ) እህት ናት። በመካ ቀድመው ከሰለሙት አንዷ ነበረች። ከባለቤቷ ከጀዕፈር ኢብኑ አቢ ጧሊብ (ረ.ዐ) ጋር ባሕር ተሻግራ ወደ ሐበሻ መጣች። ጀዕፈር በነጃሺ ፊት ቆሞ የተናገረውን ንግግር ሁላችንም ከልጅነታችን ጀምሮ ስንሰማው ኖረናል። በዚያው ጊዜ ባለቤቱ በባዕድ አገር ቤት እየመራች፣ ልጅ እየወለደች እንደነበረ ግን እምብዛም አናነሳም። ዐብዱላህ፣ ሙሐመድና ዐውን የተባሉት ሦስት ልጆቿ የተወለዱት በዚህችው በሐበሻ ምድር ነው። ቆይታቸው ከአሥር ዓመት በላይ ነበር።

ወደ መዲና የተመለሱት በ7ኛው ዓመተ ሂጅራ፣ ኸይበር በተከፈተበት ወቅት ነው። በቡኻሪና በሙስሊም የተዘገበው ታሪክ ከዚህ በኋላ ይመጣል። አስማእ ሐፍሷን (ረ.ዐ) ልትጠይቅ በሄደችበት ዑመር (ረ.ዐ) ገባና ማን እንደሆነች ጠየቀ። ሲነገረው፣ ከሐበሻ የመጣችው፣ በባሕር የተሻገረችው እርሷ ናት ወይ ሲል አረጋገጠ። ከዚያም “በሂጅራ ቀድመናችኋል፤ ስለዚህ ከእናንተ ይልቅ ለነቢዩ የምንቀርበው እኛ ነን” የሚል መልእክት ያለው ንግግር ተናገረ።

አስማእ ተቆጣች። ዑመር ዑመር ነው፤ ብዙ ወንዶች በፊቱ ይፈሩ ነበር። እርሷ ግን ዝም አላለችም። እናንተ ከነቢዩ ጋር ነበራችሁ፣ ረሃብተኛችሁን ያበሉላችሁ፣ የማያውቀውን ያስተምሩላችሁ ነበር፤ እኛ ግን ለአላህና ለመልእክተኛው ብለን በሩቅ አገር፣ በባዕዳን መካከል ችግርና ፍርሃት እየተፈራረቀብን ኖርን አለችው። ይህን ለነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ) ሳትነግር እህል ውሃ እንደማትቀምስ ማለች፤ አልዋሽም፣ አላጣምምም፣ በነገሩ ላይም አልጨምርም ብላም አከለች። ነቢዩ ሲመጡ ነገረቻቸው። የሰጡት ፍርድም ዑመርና ባልደረቦቹ አንድ ሂጅራ እንዳላቸው፣ በመርከብ የመጡት ግን ሁለት ሂጅራ እንዳላቸው ነበር። ከዚያ በኋላ ከሐበሻ የተመለሱት ሶሓቦች በቡድን በቡድን እየሆኑ ቤቷ ይመጡና ያንን ሐዲስ እንድትደግምላቸው ይጠይቋት ነበር። በዱንያ ላይ ከዚያ የበለጠ ያስደሰታቸው ነገር አልነበረም። አቡ ሙሰል አሽዐሪይ (ረ.ዐ) ራሱ ደጋግሞ አስነግሯታል።

ይህን ሐዲስ ሳነብ የሚመስጠኝ የዑመር ዝምታም ነው። ሴት ልጅ ተከራክራ በነቢዩ ፍርድ አሸነፈች፤ የተሸነፈው ሰውም በኋላ የምእመናን መሪ ሆነ፣ ታሪኩም ሳይደበቅ በትክክለኛዎቹ የሐዲስ መጻሕፍት ተመዝግቦ እኛ ዘንድ ደረሰ።

በማግሥቱ ዓመት፣ በ8ኛው ዓመተ ሂጅራ፣ ጀዕፈር በሙእታ ዘመቻ ተሰዋ። ነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ) ለጀዕፈር ቤተሰብ ምግብ እንዲዘጋጅላቸው አዘዙ፤ ሐዘን ገብቷቸው ስለ ምግብ የሚያስቡበት ጊዜ አልነበረምና። ዛሬ ጎረቤት ለሐዘንተኛ ቤት ምግብ ይዞ ሲሄድ የሚከተለው ሱና መነሻው የዚህችው ሴት ቤት ነው። ሐዘንተኛው ራሱ እንግዳ ሲያስተናግድ እንዲውል የምናደርግበት ልማድ ግን ከዚህ ጋር የተገላቢጦሽ ይመስለኛል።

ከዚያ አቡበክር (ረ.ዐ) አገባት። ለመሰናበቻው ሐጅ ሲጓዙ በዙልሑለይፋ ሙሐመድ የተባለ ልጅ ወለደች። ምን ላድርግ ብላ ስታስጠይቅ፣ ታጥባ፣ በጨርቅ ታጥቃ ኢሕራም እንድታደርግ ነቢዩ ነገሯት። የአራስ ሴት ኢሕራም እንደሚጸና ኡለማዎች ማስረጃ የሚያደርጉት ይህን ነው። አቡበክር በ13ኛው ዓመተ ሂጅራ ሲሞት አስከሬኑን ያጠበችው እርሷ ናት። ከዚያም ዐሊይ (ረ.ዐ) አገባት። የታሪክ ጸሐፍት እንደሚዘግቡት፣ ፋጢማ (ረ.ዐ) የሴት አስከሬን ቅርጹ እየታየ መወሰዱን ስትጠላ አስማእ በሐበሻ አገር ያየችውን ነገራት። እርጥብ የዘንባባ ዘንጎችን አስመጥታ አጎበጠች፣ በላያቸው ላይም ጨርቅ ጣለች። ፋጢማም ወደደችው። እንግዲህ ከዚህ አገር ይዛ የሄደችው ልጆቿን ብቻ አልነበረም።

ሌላዋ በስሙ የታወቀችው አስማእ ቢንት አቢ በክር (ረ.ዐ) ናት። ብዙ ሰው የሚያውቃት “ዛቱን ኒጧቀይን” (የሁለት መቀነት ባለቤት) በሚለው ቅጽል ነው። ለሂጅራ ጉዞ የተዘጋጀውን ስንቅ የምታስርበት ስታጣ መቀነቷን ለሁለት ቀድዳ አሰረችበት። አባቷ ገንዘቡን ሁሉ ይዞ ከወጣ በኋላ ዓይነ ስውሩ አያቷ አቡ ቁሓፋ ሲጨነቁ፣ ድንጋዮችን በጨርቅ ሸፍና እጃቸውን አስቀምጣ ያረጋጋቻቸው እርሷ ናት። እርጉዝ ሆና ተሰዳ ቁባእ ላይ ዐብዱላህ ኢብኑ ዙበይርን ወለደች፤ ከሙሃጂሮች ወገን በመዲና የመጀመሪያው ልጅ ነው።

እርሷ ራሷ የተረከችው የትዳር ኑሮዋም በቡኻሪ ተዘግቧል። ዙበይር ሲያገባት ከፈረሱና ከውሃ መቅጃ ግመሉ በቀር ብዙ ነገር አልነበረውም። ፈረሱን ትቀልብ፣ ውሃ ትቀዳ፣ ከሩቅ እርሻ የቴምር ፍሬ በራሷ ላይ ተሸክማ ትመጣ ነበር። ዳቦ መጋገር ግን አይሆንላትም፤ የአንሷር ጎረቤቶቿ ይጋግሩላት ነበር። ይህችን ዝርዝር እወዳታለሁ። የትልቅ ሰው ልጅ፣ የሂጅራ ጀግና፣ ዳቦ አልችልም ስትል አላፈረችም።

እናቷ ቁተይላ ያልሰለመች ሆና ልትጠይቃት በመጣች ጊዜም ዝምድናዋን ልቀጥል ወይ ብላ ነቢዩን ጠየቀች። እናትሽን ዘይሪያት አሏት። ዘመዶቻቸው በከፊል ክርስቲያን ለሆኑ በርካታ የአገራችን ሙስሊሞች ይህ ሐዲስ የዕለት ተዕለት ኑሮ መመሪያ ነው። በ73ኛው ዓመተ ሂጅራ ሐጃጅ ልጇን ዐብዱላህን ገድሎ ሲሰቅለው እድሜዋ መቶ ገደማ ነበር። አስጠርቷት እምቢ ብትለው ራሱ መጣ፤ እርሷም ከሰቂፍ ጎሳ ውሸታምና አጥፊ እንደሚወጡ ከነቢዩ የሰማችውን አስታውሳ፣ አጥፊው አንተ ነህ አለችው። ብዙም ሳትቆይ ሞተች።

ከአንሷር ወገን ደግሞ አስማእ ቢንት የዚድ አለች፤ ከወር አበባ በኋላ ስለሚደረግ ትጥበት ነቢዩን የጠየቀችው አስማእ እርሷ ናት ወይስ ሌላ በሚለው ላይ የሐዲስ ሊቃውንት ተነጋግረዋል። ዓኢሻ (ረ.ዐ) የአንሷር ሴቶችን፣ ኀፍረት ዲናቸውን ከመማር አላገዳቸውም ብላ ያመሰገነችው በዚሁ ዘገባ ነው።

በ11ኛው ክፍለ ዘመን (እ.ኤ.አ) በየመን የሱለይሒይ ንግሥት የነበረችው አስማእ ቢንት ሺሃብ በመስጂዶች ኹጥባ ስሟ ይነሳ ነበር። የመዝሀቧ ጉዳይ ከእኛ የተለየ ቢሆንም ታሪኳ ከሐበሻ ጋር ይነካካል፦ ባሏን ገድለው እርሷን በዘቢድ ያሰሯት ነጃሒዮች ዘራቸው ከሐበሻ የሚመዘዝ ገዢዎች ነበሩ። ያስፈታት ልጇ ነው።

በአፍሪካችን ደግሞ ናና አስማኡ (1793–1864 እ.ኤ.አ) አለች። የሶኮቶ ኺላፋ መሥራች የሼኽ ዑስማን ዳን ፎዲዮ ልጅ ናት። የተወለደችው ከመንታ ወንድሟ ከሐሰን ጋር ነው። በአካባቢው ልማድ መንታዋ ሴት ሑሰይና መባል ሲገባት አባቷ ግን አስማእ አላት። በዐረብኛ፣ በፉላኒና በሐውሳ ትጽፍ ነበር። ከጦርነት ማግሥት ገጠር ለገጠር የቀሩትን ሴቶች ለማስተማር “ያን ታሩ” የሚባል ስብስብ አደራጀች። “ጃጂ” የሚባሉ ሴት መሪዎች በቡድን እየመጡ ከእርሷ ትምህርቱን በግጥም መልክ በቃላቸው ይይዛሉ፤ ወደ መንደራቸው ተመልሰውም ከቤት መውጣት ለማይመቻቸው እናቶች ያስተምራሉ። እያንዳንዷ ጃጂ ለምልክት ከሰንበሌጥ መሰል ሣር የተሠራ ባርኔጣ ትሰጣት ነበር፤ መንገድ ላይ ያያት ሰው ሁሉ መምህርት መሆኗን ያውቃል። ዛሬም በሰሜን ናይጄሪያ በስሟ የሚጠሩ የሴት ተማሪዎች ትምህርት ቤቶች አሉ፤ የያን ታሩን ስልት ወስደው የሚማማሩ ሙስሊም ሴቶችም እስከ አሜሪካ ድረስ ይገኛሉ።