በረዶ የማይሆን ደም

በአንታርክቲካ ዙሪያ ያለው ባሕር ጨዋማ ስለሆነ ከዜሮ በታች 1.9 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ገደማ ደርሶም ፈሳሽ እንደሆነ ይቆያል። የብዙ ዓሦች ደም ግን ከዜሮ በታች 1 ዲግሪ ገደማ ላይ በረዶ መሥራት ይጀምራል። ታዲያ የዚያ ባሕር ዓሦች እንዴት ይኖራሉ?

ምስጢሩን እ.ኤ.አ. በ1960ዎቹ የደረሰበት አሜሪካዊው ተመራማሪ አርተር ዴቭሪስ ነው። በዓሦቹ ደም ውስጥ ስኳር የተያያዘበት ፕሮቲን አለ። ይህ ፕሮቲን ገና ጥቃቅን በሆኑ የበረዶ ቅንጣቶች ላይ ይለጠፍና እንዳያድጉ ያግዳቸዋል።

እኔን ይበልጥ የሚገርመኝ ይህን ፕሮቲን የሚያሠራው ጂን ታሪክ ነው። እ.ኤ.አ. በ1997 የወጣ ጥናት እንዳሳየው፣ መነሻው ቆሽት ምግብ ለመፍጨት የሚጠቀምበት የትሪፕሲኖጅን ጂን ነው። የጂኑ አንድ ቅጂ አብዛኛውን አካሉን አጣ፤ የቀረች አጭር ቁራጭ ደጋግማ ተባዛችና ሌላ ሥራ ያዘች። ማንም አላቀደውም። ይህ የቅጂ ስህተት የጠቀማቸው ዓሦች ተረፉ፣ ተዋለዱም። የሚደንቀው፣ በሰሜን ዋልታ ያለው የአርክቲክ ኮድ ተመሳሳይ ፕሮቲን ቢኖረውም የእሱ ጂን የተነሣው ቀድሞ ፕሮቲን ከማይሠራ የዲኤንኤ ክፍል ነው።

ከአንታርክቲካ ዓሦች አንዱ ቤተሰብ፣ የበረዶ ዓሣ የሚባለው፣ ጭራሽ ሄሞግሎቢን መሥራት አቁሟል፤ ደሙ ቀይ አይደለም። ቀዝቃዛ ውኃ ብዙ ኦክስጅን ስለሚይዝና ልቡም ትልቅ ስለሆነ ይኖራል። ይህን ድንቅ መላመድ የሚሉ አሉ፤ እኔ ግን ቅዝቃዜው የሸፈነለት ጉድለት ነው ባይ ነኝ። ባሕሩ ሲሞቅ ኦክስጅኑ ይቀንሳል፤ ያኔ ክፉኛ ከሚቸገሩት አንዱ ይኸው ዓሣ ነው።