ፊልማቸውን ራሳቸው ያሳዩት ኃይሌ ገሪማ

ልጅዎ «ፊልም ሠሪ መሆን እፈልጋለሁ» ቢልዎ ምን ይመልሱለታል? ኖፓም ይኑሩ መቱ ወይም አዲስ አበባ፣ «መጀመሪያ ሌላ ሙያ ያዝ» ማለትዎ አይቀርም። አይፈረድብዎትም። እስቲ ግን የፕሮፌሰር ኃይሌ ገሪማን መንገድ አብረን እንይ። (ዓመቶቹ በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

በ1946 ጎንደር ተወለዱ። አባታቸው ተውኔት ጸሐፊ ነበሩ። እሳቸውም በ1967 አሜሪካ የሄዱት ቲያትር ሊማሩ ነበር፤ ሎስ አንጀለስ ከሚገኘው የካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ ሲገቡ ግን ልባቸው ወደ ካሜራው አዘነበለ። ገና ተማሪ ሳሉ፣ በ1974 አብዮቱ በፈነዳበት ወቅት አገር ቤት መጥተው፣ ተዋናይነት ሙያቸው ባልሆነ ሰዎች «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት»ን ቀረጹ። ጥቁርና ነጭ ነው፤ የጭሰኛና የባላባት ታሪክ።

በ1975 ዋሽንግተን በሚገኘው ሐዋርድ ዩኒቨርሲቲ መምህር ሆኑ፤ ለአሥርት ዓመታትም አስተማሩ። እንግዲህ «ሌላ ሙያ ያዝ» ያሉት ወላጅ ከፊሉን ልክ ነበሩ ማለት ነው! ልዩነቱ፣ ማስተማሩ ፊልሙን አላስተዋቸውም።

ትልቁ ፈተና የመጣው ስለ ባርነት በሠሩት «ሳንኮፋ» ነው። ፊልሙ በ1993 ሲያልቅ አሜሪካ ውስጥ የሚያከፋፍለው ድርጅት ጠፋ። ሌላው ቢሆን ቆርቆሮውን መደርደሪያ ላይ አስቀምጦ ያዝን ነበር። እሳቸውና ባለቤታቸው ሺሪኪያና አይና፣ እሷም ፊልም ሠሪ ናት፣ ሲኒማ ቤት ራሳቸው ተከራይተው አሳዩት። ወሬው ከአፍ ወደ አፍ፣ ከቤተ ክርስቲያን ወደ ማኅበር ተዛመተ፤ ሰዉ ተሰለፈ። ከዚያም ከከተማ ከተማ ይዘውት ዞሩ። በኋላም ከሐዋርድ ፊት ለፊት በዚያው ስም የመጻሕፍትና የፊልም መደብር ከፈቱ። የቤተሰብ ሥራ ማለት ይኸው ነው።

ዋጋው ጊዜ ነው። «ጤዛ»ን ለመጨረስ 14 ዓመት ፈጅቶባቸዋል። ጀርመን ተምሮ የተመለሰው አንበርብር በደርግ ዘመን ያየውን የሚተርከው ይህ ፊልም በ2008 ቬኒስ ላይ የዳኞች ልዩ ሽልማትን፣ በቀጣዩ ዓመት ደግሞ ዋጋዱጉ ላይ ታላቁን የየኔንጋ ሽልማት ወሰደ። 14 ዓመት! አንድ ልጅ ተወልዶ ስምንተኛ ክፍል ይደርሳል። ይህን ሁሉ ጊዜ አንድ ሥራ ላይ መቆየት ለቤተሰቡም ቀላል አልነበረም ብዬ እገምታለሁ።

«ጤዛ»ን ከጎረምሳ ልጅዎ ጋር ይዩት፤ ለትንንሾቹ ግን ከበድ ይላል። ቡናው እየፈላ ልጁ ስለ ቀይ ሽብር ይጠይቅዎታል፤ ይዘጋጁ።

ፕሮፌሰሩ በ1999 «ዓድዋ»ን ሠርተው፣ ቀጥሎ ወደ ፋሺስት ወረራ ታሪክ ተሻግረዋል። በ1936 ራስ እምሩ መንግሥቱን ይዘው የተቀመጡባት ጎሬ ደግሞ ከመቱ ሩቅ አይደለችም። ካሜራ የሚወድ ልጅ ካለዎት፣ በሚቀጥለው ቅዳሜ ጎሬ ይውሰዱትና ከአንድ አዛውንት አጠገብ ያስቀምጡት። ለመነሻ ስልኩ ይበቃዋል።